ሳሉስ?

የግብር ቅጹ ላይ፣ «ሥራ» ከሚል ቦታ፣
«ራሱን የቻለ» እላለሁ፣ ብዕሬ እያመነታ፤
ምስል ቀራጭም ነኝ፣ ምስል ቆራጭም ነኝ፣
ራሴን መቻሌን ግን አከራዬ ይመስክርልኝ።

ቅዳሜ ቅዳሜ ሙሽሮች እቀርጻለሁ፣
ኬኩን ሲጎራረሱ ተንበርክኬ አያለሁ፤
እሑድ የጥርስ ሐኪም ማስታወቂያ አለኝ፣
የሌላ ሰው ጥርስ ነው ዳቦ የሚያበላኝ።
ከሰኞ እስከ ዐርብ ግን የቫይኖ ነበርኩኝ።

ቫይኖን ያገኘሁት በዱሉዝ ወደብ ላይ፣
የብረት ድልድዩን ሽቅብ ወደ ሰማይ
ሲያነሣ በአንድ እጁ፣ በአንዱ እንቁላል ሲልጥ፤
መርከቡ ከሥሩ፣ የብረት አፈር ጭኖ፣ ቀስ ብሎ ሲያቋርጥ።
«ለሦስት ወር ነው» አልኩት። ሳቀና፣ ሳለና፣
«በሦስት ወር? ሐይቁስ መች ይቀልጣል ገና?»

ዐሥራ አንድ ዓመት ሆነ።
ካሜራዬ ሦስቴ ተለወጠ፣ መኪናዬ አንዴ ሞተች፣
አብራኝ የምትኖረው «ድልድዩን አግባው» ብላኝ ሄደች።
የድጋፍ ማመልከቻ ዐርባ ሁለት ቦታ ጻፍኩ፤
«እጅግ ወደድነው፣ ነገር ግን…» የሚል ዐርባ አንድ ሰበሰብኩ፤
አንዱ እስካሁን አልመለሰም።

ታኅሣሥ ላይ ባትሪው በብብቴ ይሞቃል፣
ካሜራው ይነቃል፣ ጣቴ ግን ይደርቃል።
የዚህ ሥራ ግማሹ መቆም ነው፣ ሰው እስኪረሳህ፤
ግማሹ መቀመጥ፣ ጨለማ ክፍል ውስጥ፣ አንተ ግን ሳትረሳ።

ቫይኖ መጋቢት ላይ ሞተ፤ የሐይቁ በረዶ ሳይላቀቅ፣
የዓመቱን የመጀመሪያ መርከብ ጡሩንባ ስንጠብቅ።

ሦስት መቶ ዐሥር ሰዓት ነበረኝ በእጄ፣
ሰማንያ ደቂቃ ላደርገው ፈርጄ
መስኮቱን ጋረድኩት።
ሲያዛጋ ቆረጥኩት፣ ሲደግም ቆረጥኩት፤
ሳሉንም ቆረጥኩ።
ቫይኖ ቃል ሊያወጣ ሲል አስቀድሞ ይስላል፣
ሁለቴ፣ በደረቁ፤ ደጅ የቆመ እንግዳ በር መቺ ይመስላል፤
ቃሉ ከኋላው ነው፣ ጫማውን አራግፎ፣ ሳይቸኩል የሚገባ።
እኔ ማንኳኳቱን አውጥቼ ጣልኩና፣
ስፌቱ እንዳይታይ የሐይቁን ነፋስ ደረብኩበት።
ማንም አያውቅም ብዬ ኮራሁ።

የወደብ ሠራተኞች ማኅበር አዳራሽ፣ ሠላሳ አራት ወንበር፣
ስድስቱ ባዶ ነበር።
ፕሮጀክተሩ አንዴ ጠፋ፣ ተመለሰ፣
አንድ ክሬን ነጂ ኮፍያውን ዐይኑ ላይ ደፍቶ አለቀሰ።
ሄልሚ ግን፣ ባለቤቱ፣ ካፖርቷን ሳታወልቅ ዞራ አየችኝ፤
ስሜ አይሆንላትም፣ «ካሜራ» ነው የምትለኝ።
«ካሜራ፣ መልካም ነው። ድልድዩም ያምራል።
ሳሉስ?»

አልገባኝም።

«ሳሉስ የት ገባ? ዐርባ ዓመት ሙሉ፣
ከሌሊት ፈረቃ ሲመጣ፣ ከቁልፉ ቀድሞ
የምሰማው እሱን ነበር። ይሄ ያሳየኸኝ ሰው
ቫይኖን ይመስላል፤
ቤቴ ግን ገብቶ አያውቅም።»

ያን ሌሊት የጣልኩትን ሁሉ ከመጣያው ለቀምኩ።
ሁለት መቶ ሰባት ሳል።
የውርጭ ሳል፣ የሳቅ ሳል፣
ሊቆጣ ፈልጎ በመሐል የተወው ሳል፤
ከዚያ የመጨረሻው ዓመት፣ ከሥር፣ ከሆድ ተነሥቶ የማያልቀው።
ሐኪም ቤት ልወስደው ይገባኝ ነበር ያኔ፤
ማስታወሻዬ ላይ ግን፣ በገዛ እጄ፣ የጻፍኩት እኔ
«ድምፁ ተበላሽቷል፣ ይደገም» ይላል።

አራት ደቂቃ ከዐሥራ ሁለት ሴኮንድ።
ምስል የለውም፤ ጥቁር ነው።
ቆራጭ ነኝ፣ ያን ሌሊት ብቻ ቀጣይ ሆንኩ፣
አንዱን ሳል ካንዱ ሳል ስቀጥል አነጋሁ።
በፍላሽ አድርጌ ፖስታ ሣጥኗ ውስጥ ጣልኩት።
ምንም አላለችኝ።

ፊልሙ ሁለት ፌስቲቫል ዞሯል፣ አንዱ ሠርተፍኬት ልኳል፣
የሥራ ልምዴ ላይ በሁለተኛው መስመር ሰፍሯል።
ያኛው የትም የለም።

ባለፈው ቅዳሜ፣ እዚያው ድልድይ ሥር፣ ሙሽሮች ስቀርጽ፣
ሙሽራው ቃል ኪዳኑን ሊጀምር ሲል ጉሮሮውን ጠረገ።
ረዳቴ፣ ገና ልጅ ነው፣ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ
«ይሄ ይቆረጣል፣ አይደል?» አለኝ።

«ንካውና» አልኩት፣ «ታያለህ።»